የቀናሁበት መንደር

በአንድ የጀርመን መንደር ቀንቼ አውቃለሁ። ሳቁብኝ፣ ግድ የለም። ሰው በሰው ይቀናል፣ በጎረቤቱ መኪና ይቀናል። እኔ ግን ካርታ ላይ በመከራ ባገኘሁት፣ አምስት መቶ ሰው እንኳ በማይኖርበት፣ ሃዝልሮት በሚባል መንደር ስቀና ሦስት ዓመት ኖሬአለሁ። ያ ቅናት አንድ ቅዳሜ ከሰዓት በኋላ ያስደረገኝን ነገር ሳልሸፋፍን ልንገራችሁ።

ያኔም እንደ አሁኑ አሜሪካ፣ ቴክሳስ ውስጥ ዩለስ በምትባል ከተማ ነበር የምንኖረው፣ ከኤርፖርቱ አጠገብ ባለ አፓርትመንት። ስሜ ደረጀ ነው። ከተርሚናል ወደ መኪና ኪራይ ቢሮዎች ተሳፋሪ የሚያመላልሰውን አውቶቡስ እነዳለሁ። ሚስቴ ሰናይት ቤድፎርድ ውስጥ በአንድ የአረጋውያን መንከባከቢያ ትሠራለች። ያገናኘን ዘመድ ነው፤ ስንጋባ ሁለታችንም ልጅ አልነበርንም፣ እኔ አርባ ልሞላ ነበር። እኔ ዲቪ ደርሶኝ በአውሮፕላን ተቀምጬ ነው የመጣሁት። እሷ ግን በሊቢያ በኩል ባሕር ተሻግራ ጀርመን ገብታ፣ ጥገኝነት ጠይቃ፣ እኔን እስክታገባ ድረስ እዚያ ስምንት ዓመት ኖራለች። የጀርመን መንግሥት ወስዶ ያስቀመጣት ሃዝልሮት ነበር።

ስለ ድሮ ኑሮዋ ማውራቷ አልነበረም የሚያበግነኝ። አወራሯ ነው። «በኛ መንደር» ነበር የምትለው። ዩለስን ስትጠራ ደግሞ «እዚህ» ትለዋለች። ያቺን መንደር እንደ እጇ መዳፍ ነበር የምታውቃት። በሁለት ኮረብታ መካከል የተወሸቀች ናት፤ የምሥራቁ ኮረብታ ስለሚጋርዳት በብርድ ወራት ፀሐይ የምታያት ከረፋዱ በኋላ ነው። ቀጭን ወንዝ መሐሏን ይሰነጥቃታል። ከወንዙ በላይ ያሉት ገበሬዎች፣ ከወንዙ በታች ያሉት ደግሞ ድንጋይ ፈላጮች ነበሩ፤ ለብዙ ትውልድ ላይኛውና ታችኛው አይጋቡም፣ ሲሞቱም እንኳ አንድ ቦታ አይቀበሩም። የቤቶቹ ጣሪያ ሁሉ ከዚያው ኮረብታ በተፈለጠ ጥቁር ጠፍጣፋ ድንጋይ የተሸፈነ ነው። ወፍጮ ቤቷ ሁለት ጊዜ ተቃጥላለች። በዓለም ጦርነት ጊዜ የቤተ ክርስቲያኑ ደወል ለመድፍ ይቅለጥ ተብሎ ሲወሰድ፣ ሴቶቹ እንቁላል እየሸጡ አጠራቅመው ሌላ አስመጥተዋል። አንድ የረሀብ ዘመን ደግሞ የመንደሩ ሲሶ መርከብ ተሳፍሮ ወደ አሜሪካ፣ ያውም ወደ ቴክሳስ ሄዷል።

«አየህ፣ እኛ እዚህ ዘመድ አለን» ትለኝና ትስቃለች።

«እኛ» የምትለው እኔንና እሷን አልነበረም።

አንድ ጊዜ ሌዊስቪል ክርስትና ተጠርተን፣ አንዲት ሴትዮ «የት አገር ልጅ ነሽ?» ብላ ጠየቀቻት። ሰናይት «ደብረ ብርሃን ነው የተወለድኩት፤ ግን የሃዝልሮት ልጅ ነኝ» አለቻት። ሰው ሁሉ ሳቀ። እኔም ሳቅሁ፤ የበላሁት ምግብ ግን ደረቴ ላይ ቀረ።

ሌላም ነገር ነበር። ልጅ እንውለድ ስላት «ቆይ ትንሽ፣ ደሬ» ትለኛለች። ዓመት አለፈ፣ ሁለተኛውም አለፈ። «ትንሽ» የሚባለው ምን ያህል እንደሆነ ብጠይቃት ተነስታ ዕቃ ማጠብ ትጀምራለች። ከኔ ልጅ ለምን አትፈልግም? ልቧ የት ነው? ብዬ ራሴን ስጠይቅ መልሱ ሁልጊዜ ያው መንደር ይሆንብኛል።

መንደሩ ደግሞ የሰው ስም ነበረው። ማርቲን።

እሑድ እሑድ ጠዋት ይደውላል። እሷ ስልኩን ይዛ በረንዳ ላይ ትወጣና በጀርመንኛ ታወራለች። ከኔ ጋር ስታወራ የማልሰማው ለስለስ ያለ ድምፅ አላት፤ አንዳንዴ ደግሞ ጨርሳ ስትገባ ዓይኗ ቀልቷል። ማነው ስላት «የመንደሩ ጽሕፈት ቤት ሠራተኛ ነው። የመንደሩን ታሪክ መጽሐፍ እየጻፈ ነው። ይጠይቀኛል» አለችኝ። ውስጤ ግን «አምስት መቶ ሰው የሌለበት መንደር ምን ታሪክ ኖሮት ነው በየሳምንቱ የሚጠየቀው?» ይላል።

አንድ ሐሙስ ማታ ሰናይት ሻወር እየወሰደች ስልኳ ጠረጴዛው ላይ ተንቀጠቀጠ። ቴክስት ነው፤ ከማርቲን። ስልኳን ነክቼ አላውቅም ነበር። የዚያን ቀን በራሴ ስልክ ፎቶ አንስቼው የትርጉም አፕ ላይ ከተትኩት። እንዲህ ብሎ ወጣልኝ፦

«ቅዳሜ በሁለት ሰዓት ተኩል ከቀትር በኋላ እደርሳለሁ። አንቺን እስካይ መጠበቅ ከብዶኛል። ያንቺ የሆነውን ይዤ እመጣለሁ። ለባልሽ ነገርሽው?»

ወንበሩን ይዤ ቆምኩ። ሰናይት ፎጣ ጠምጥማ ስትወጣ «ምነው? ፊትህ ተለወጠ» አለችኝ።

«ደክሞኝ ነው። ቅዳሜ ሥራ ነሽ እንዴ?»

ፎጣዋን አጠባበቀች። «አዎ። ደብል ሺፍት ነኝ። ለምን?»

«አይ፣ ዝም ብዬ ነው።»

ዋሸችኝ። ሦስት ዓመት ስጠረጥር፣ ልቤ አንድ ጥግ ላይ ተሳስቼ እንዲሆን ይጸልይ ነበር። አሁን ግን ራሴ ጠይቄያት፣ ዓይኔን እያየች ዋሸችኝ።

አርብ ዕለት አብረውኝ የሚነዱትን ጋሽ ሙሉጌታን የቅዳሜ ሺፍቴን እንዲሸፍኑልኝ ለመንኳቸው። ጡረታቸው የቀረበ፣ ረጋ ያሉ ሰው ናቸው። ፊቴን አይተው «ምን ሆነሃል አንተ ልጅ?» አሉኝ። ነገርኳቸው። እስክጨርስ አዳመጡኝና «ኦኬ፣ ሺፍቱን እሸፍንልሃለሁ። ግን ስማኝ፣ ቤትህ ግባና ጠይቃት። ኤርፖርት ሄደህ ምን ታገኛለህ?» አሉ።

«ብጠይቃት ትዋሸኛለች ጋሼ። እርስዎ ቢሆኑ ምን ያደርጉ ነበር?»

«እኔማ ሄጄ ነበር» አሉና ተከዙ። «ሄጄም ነው ብቻዬን የቀረሁት።»

አልሰማኋቸውም። ማለቴ፣ በጆሮዬ ሰማኋቸው እንጂ ልብ አላልኩትም።

ቅዳሜ ዩኒፎርሜን ለብሼ ተርሚናል ዲ፣ ተቀባዮች ከሚቆሙበት ራቅ ብዬ አንድ ትልቅ ምሰሶ ጀርባ ቆምኩ። ያንን አዳራሽ በየቀኑ ነው የማየው፤ ዩኒፎርም ለብሼ ብቆም ማንም ዞሮ አያየኝም። በፈረንጅ ሰዓት አቆጣጠር ሁለት ሰዓት ላይ ሰናይት መጣች። አረንጓዴ ቀሚስ ለብሳለች። ለልደቷ ገዝቼላት «ለጥሩ ቀን ይሁንልኝ» ብላ መለያውን ሳትቆርጥ የሰቀለችው ቀሚስ ነው። ጥሩው ቀኗ ይሄ ነበር ማለት ነው።

ማርቲን ወጣ። ሽማግሌ ቢሆንልኝ ብዬ ስመኝ ነበር፤ አልሆነልኝም። ከኔ ዐሥር ዓመት ቢበልጥ ነው፤ ረጅም፣ ቀጥ ያለ፣ ጆሮ ግንዱ አካባቢ ብቻ ሽበት ጣል ያደረገበት ሰው። ሰናይት ስታየው አፏን በእጇ ያዘች። ከዚያ ሄዳ ደረቱ ላይ ተደገፈች። እሱ ጭንቅላቷን ይዞ ቆመ። እኔ ምሰሶውን ይዤ ቆጠርኩ፤ ስንት እንደቆጠርኩ ባላውቅም፣ ሰው ዘመዱን ሰላም ለማለት ከሚፈጅበት ጊዜ በላይ ነበር።

ተከተልኳቸው። ፓርኪንጉ ሦስተኛ ፎቅ ላይ መኪናዋ ጋ ደረሱ። ማርቲን ሻንጣውን አስቀምጦ ከፈተና በወፍራም ፎጣ የተጠቀለለ ነገር አወጣ። በሁለት እጁ፣ ሕፃን እንደሚያቀብል ሰው አድርጎ ሰጣት። ሰናይት ጥቅሉን ተቀብላ ሳመችው።

ያኔ ነው ያበድኩት።

«ደብሉ ይሄ ነው?» ብዬ ከመኪኖቹ መካከል ወጣሁ።

ሰናይት ስታየኝ ፊቷ አመድ ሆነ። «ደሬ… ቆይ፣ እነግርሃለሁ…»

«መቼ? ከሄድሽ በኋላ? ምንድነው የሰጠሽ? አምጪው!»

«አትንካው! በናትህ፣ ይሄን ብቻ አትንካው!»

አትንካው ባትለኝ ላልነካው እችል ነበር ብዬ አሁን አስባለሁ፤ ለራሴ ማስተዛዘኛ ሊሆንም ይችላል። ጨምድጄ ሳብኩት። እሷም ሳበች። ከሁለታችንም እጅ አምልጦ ሲሚንቶው ላይ ወደቀ። የሸክላ ድስት ሲሰበር የሚሰማ ዓይነት ድምፅ ሰማሁ።

ከሁላችን ቀድሞ የተንበረከከው ማርቲን ነው። ፎጣውን ገለጥ አደረገው። ጥቁር ጠፍጣፋ ድንጋይ ነው፣ የመጽሐፍ ያህል የሚሆን። አንዱ ማዕዘን ተሰብሮ ለብቻው ወድቋል። ድንጋዩ ላይ ጽሕፈት ተቀርጿል። ጀርመንኛ ነው ብዬ ስጠብቅ ፊደሉን አነበብኩት። የራሴ ፊደል ነው። ፊደሉን በማያውቅ ሰው እጅ፣ እያንዳንዱ መስመር ተጠንቅቆ፣ ትንሽ ተንጋዶ የተቀረጸ።

«ሜሮን። የሰናይት ልጅ።»

ደጋግሜ አነበብኩት።

«ሜሮን ማናት?» አልኩ።

ሰናይት አላለቀሰችም። ስባሪውን አንስታ መዳፏ ውስጥ ያዘችው። «ልጄ ናት» አለች። «ነበረች። ቤት እንሂድ፣ ደሬ። እዚህ አይደለም የምነግርህ።»

ቤት ደረስን። ማርቲን ሶፋችን ጫፍ ላይ፣ ኮቱን ሳያወልቅ ተቀመጠ። ሰናይት ድንጋዩንና ስባሪውን ጠረጴዛው ላይ አስቀምጣ፣ ሦስት ዓመት ሙሉ ያልነገረችኝን በአንድ ትንፋሽ ያህል ነገረችኝ።

ሊቢያ ላይ ነፍሰ ጡር ነበረች። የልጁን አባት ደላሎቹ ነጥለው በሌላ ጀልባ አሳፈሩት፤ ያ ጀልባ አልደረሰም። ሜሮን የተወለደችው ጀርመን ነው። ያደገችው፣ ዐሥራ አንድ ወር ዕድገት ከተባለ፣ ሃዝልሮት ውስጥ ነው። ብዙ ወጣት በሌለበት መንደር ሕፃን ስትመጣ፣ ከወንዙ በላይ ያሉትም በታች ያሉትም አሮጊቶች በተራ ሊያቅፏት ይመጡ ነበር።

«መንደሩ መግቢያው አንድ ነው» አለችኝ። «በአፋፉ ላይ የሚያልፍ አንድ መንገድ። አንድ ጠዋት ሜሮን ትንፋሽ አጠራት። ሌሊቱን ሲጥል ያደረው በረዶ መንገዱን ዘግቶታል። አምቡላንሱ ከአፋፉ ወዲያ ማዶ ቆሞ ማለፍ አቃተው። ማርቲን ትራክተር አስነሳና በረዶውን እየጠረገ፣ እኔ ከጎኑ እሷን አቅፌ ወጣን። ሦስት ሰዓት ፈጀብን። አፋፉ ላይ ስንደርስ የአምቡላንሱ መብራት ይታየኛል። ከታች ደግሞ መንደሩ ይታየኛል። እሷ ግን…» ቆመች። «ሁለቱም እየታዩኝ ነው የሞተችብኝ።»

ሦስት ዓመት የቀናሁበትን ኮረብታ ነበር የምትነግረኝ።

ማርቲን ከሻንጣው ወፍራም መጽሐፍ አወጣ፤ ያ ሲጽፈው የነበረው የመንደሩ ታሪክ ነው። በእንግሊዝኛ ነው የተነጋገርነው፤ የሱም የኔም የተሰባበረ ስለነበር ተግባባን። መንደራቸው በቅርቡ የራሱ አስተዳደር መሆኑ ቀርቶ ከአጎራባች ከተማ ጋር ይጠቃለላል፤ መጽሐፉም ስለዚህ ነበር የተጻፈው። የመጣውም ያኔ በረሀቡ ዘመን ወደ ቴክሳስ የተሰደዱትን ሰዎች ልጅ ልጆች ፈልጎ አንዳንድ ቅጂ ሊሰጣቸው ነው። መጨረሻ አካባቢ አንድ ገጽ ገልጦ አሳየኝ። የመቃብሩ ቦታ ሥዕል ነው።

«እዚህ የላይኞቹ ይቀበራሉ፣ እዚህ የታችኞቹ» አለ በጣቱ እያሳየኝ። «መካከሉ ሁልጊዜ ባዶ ነበር። ሜሮን ስትሞት ሁለቱም ወገን እኛ ጋ ትቀበር አሉ። መስማማት ሲያቅታቸው መካከሉ ላይ ቀበርናት። ከዚያ ወዲህ ሰዎች መካከሉ ላይ መቀበር ጀመሩ። የላይኛውም፣ የታችኛውም።» መጽሐፉን ዘጋው። «የመንደራችን ታሪክ ለሁለት ይከፈላል፤ ከሷ በፊትና ከሷ በኋላ።»

ከዚያ የመጣበትን ሌላውን ጉዳይ ነገረኝ። በነሱ አገር መቃብር ጊዜ ይሰጠዋል፤ ጊዜው ሲያልቅ ቤተሰብ ይራዘምልን ካላለ ቦታው ለሌላ ይሆናል። የሜሮን ጊዜ አልቆ፣ ማርቲን ሳያውቅ ደብዳቤው ከሌላ ቢሮ ሰናይት ድሮ ወደምትኖርበት ቤት ተልኮ፣ መልስ ሲጠፋ ድንጋዩ ተነቅሎ ከሌሎች ጋር ተከምሯል። በገዛ እጁ የቀረጸው ነበርና፣ እሱ ከክምሩ አወጣው። እናትየዋ ከፈረመች መልሶ ይወስደዋል፤ ካልፈለገች እሷ ዘንድ ይቀራል። ፎርሙ ሁለት ፊርማ ይፈልጋል፤ የእናትየውንና የመቃብሩን ኃላፊነት የሚወስድ የሁለተኛ ሰው። ሁለተኛው ሰው ማርቲን ሊሆን ነበር የታሰበው።

እውነት ልናገር ብያለሁና ልናገር። በዚያች ሰዓት፣ ያ ድንጋይ በኔ እጅ ተሰብሮ ፊቴ እያለ፣ ቅናቴ አልወጣልኝም ነበር። መልኩን ነው የለወጠው። ይህ ሰው በክፉ ቀኗ ከጎኗ ነበር። ፊደሌን ሳያውቅ ድንጋይ ላይ ቀርጾላታል። እኔ ቀሚስ ነው የገዛሁላት።

«ትወዳት ነበር?» አልኩት።

ሰናይት «ደረጀ!» አለች ደንግጣ።

ማርቲን እጁን አነሳ፣ ይጠይቀኝ እንደማለት። «አዎ» አለ። «አንድ ጊዜ አግቢኝ ብዬ ጠይቄአት ነበር። እምቢ አለችኝ። ከሌላ ሰው እንዳትሰማው ነው የምነግርህ። ከዚያ በኋላ ወዳጄ ናት እንጂ ሌላ ነገር የለም።»

ወደ ሚስቴ ዞርኩ፤ በአማርኛ «ለምን እምቢ አልሽው?» አልኳት።

ስባሪውን በጣቷ ወደ ድንጋዩ አስጠጋችው። «እሱን ባየሁ ቁጥር በረዶው ነው የሚታየኝ» አለች። «አንተን ሳይ ግን… አንተ ምንም የማታውቅ ነበርክ። አንተ ጋ ስሆን ያልሆነ ያህል ነበር የሚቀለኝ። ሶ፣ ልነግርህ ስነሳ ያንን ቅለትም የማጣው ይመስለኛል። አክስቴም ልጅ ነበረኝ ካልሽው አያገባሽም ብላኝ ነበር። አንዴ ከዘለልኩት በኋላ መግቢያው ጠፋኝ። እንደገና ልጅ መውለድም… ፈራሁ፣ ደሬ። አንተን ጠልቼ አይደለም። ትንፋሿን እያዳመጥኩ ማደሩን ፈራሁ።»

ማርቲን አማርኛ አይሰማም፤ ግን ተነስቶ ወደ በረንዳው ወጣ።

ፎርሙን ሳብኩት። ሰናይት ፈረመች። ሁለተኛው መስመር ላይ የማርቲን ስም በእርሳስ ቀለል ተደርጎ ተጽፏል። ማርቲንን ጠርቼ አስገባሁትና «ይሄን እኔ ልፈርመው?» አልኩት። አየኝ፤ ከዚያ ድንጋዩን አየው፤ ከዚያ ሰናይትን። እስክሪብቶውን ከኪሱ አውጥቶ ሰጠኝ።

ስፈርም ምን አስቤ እንደነበር ብትጠይቁኝ፣ ግማሹ ፀፀት ነው። ግማሹ ግን አሁንም ቅናት ነበር። ከሷ ልጅ ስም አጠገብ የሌላ ወንድ ስም እንዳይኖር ፈልጌ ነበር። ለዚያ ለአንድ ቀን እንኳ ቅናቴ ጠቃሚ ነገር ሠራ እላለሁ።

ማርቲን ድንጋዩንና ስባሪውን ይዞ ወደ ሆቴሉ ከሄደ በኋላ ይቅርታ ለመጠየቅ ቃል ፈለግኩ፤ ድንጋይ ለሰበረ ሰው የሚሆን ቃል አላገኘሁም። ሰናይት «ስለሷ ጠይቀኝ» አለችኝ። «ይቅርታውን ተወውና ጠይቀኝ። ማንም ጠይቆኝ አያውቅም።» ስንት ጥርስ እንደነበራት ጠየቅኋት። አራት፣ አለችኝ። ምን ያስቃት እንደነበር ጠየቅኋት። የደወሉ ድምፅ፣ አለችኝ። ያን ዕለት ለመጀመሪያ ጊዜ ስለ ሃዝልሮት ስታወራ እስከ መጨረሻው አዳመጥኳት።

ይህን የምታነቡ፣ በተለይ ወንዶች፣ አንድ ነገር ልበላችሁ። እኔ ሦስት ዓመት ሙሉ ሚስቴን ሰለልኩ እንጂ አልጠየቅኋትም። «ማነው የደወለው?» ማለት ጥያቄ አልነበረም፤ ክስ ነበር። «ያቺ መንደር ለምን ከልብሽ አልወጣችም?» ብዬ ቁጭ ብዬ ብጠይቃት ኖሮ፣ አንድ ቀን ትነግረኝ ነበር ብዬ አምናለሁ። ጋሽ ሙሉጌታ ሰኞ ዕለት እንዴት ሆነ ሲሉኝ ሁሉንም ነገርኳቸው። መሪውን እንደያዙ «አንተ ዕድለኛ ነህ» ብቻ አሉኝ። ቅናታችሁ አይለቃችሁ ይሆናል፤ እኔንም ጨርሶ አልለቀቀኝም። ማርቲን እሑድ ሲደውል አሁንም ጆሮዬ ይቆማል። ልዩነቱ፣ አሁን ስልኩን እኔም እቀበላለሁ።

ባለፈው ሐምሌ ሃዝልሮት ሄድን። በዚያ አንድ መንገድ፣ በአፋፉ ላይ አልፈን ወረድን፤ ሰናይት አፋፉ ላይ መኪናውን እንዳቆም ነገረችኝና ትንሽ ቆመን መንደሩን ከላይ አየነው። ካሰብኩት ታንሳለች። መቃብሩ ዘንድ ስንደርስ ከወንዙ በታች የምትኖር አንዲት በጣም ያረጀች ሴትዮ አበባ ታጠጣ ነበር። ሰናይትን ስታይ ውኃ ማጠጫውን ጥላ አቀፈቻት። ከዚያ በጣቷ ወደኔ እያሳየች አንድ ነገር ጠየቀቻት። ሰናይት መለሰችላት። አሮጊቷ ወደኔ መጣች፤ ሁለት እጄን ይዛ፣ የማልሰማውን ቋንቋ እየተናገረች ዕንባዋ ይወርድ ጀመር።

«ምን ብለሻት ነው?» አልኳት ሰናይትን።

«ማነው አለችኝ» አለች። «የሜሮን አባት ነው አልኳት።»

አላረምኳትም።